ሣጥኑ መጣ፤ ሰሙስ?

በዋግ ኽምራ ተራሮች የክረምቱ ዝናብ አባርቶ ማንተሴ የተባለው ቁጥቋጦ ነጣ ያለ አበባውን በሚያወጣበት ወራት፣ የንብ ርባታ ባለሙያ የሆነ ሰው ከገበሬው ደጅ ሲደርስ ብዙ ጊዜ የሚያገኘው አንድ ዓይነት ቀፎ ሳይሆን ሦስቱን ጎን ለጎን ነው፤ ይኸውም ከጭራሮ ተጎንጉኖ በጭቃና በእበት የተለሰነው የአባት የአያት ቀፎ፣ በላዩ አግዳሚ እንጨት የተደረደረበት የሽግግር ቀፎ፣ ደግሞም ቀለም የተቀባው ባለ ፍሬሙ ሣጥን ነው። ሪፖርት ጸሐፊው ይህን ሲያይ «ገበሬው ገና አልነቃም» ብሎ ይጽፋል። እኔ ግን በሥራዬ ብዛት የተረዳሁት፣ የሦስቱ ባንድ ደጅ መገኘት የመዘግየት ምልክት ሳይሆን፣ ፈጠራ የሚባለው ነገር በእውነት የሚኖርበት ሥርዓት መሆኑን ነው።

የምጣኔ ሀብት ሊቃውንት ስለዚህ ጉዳይ ብዙ ተመራምረዋል። ኦስትሪያዊው ዮሴፍ ሹምፔተር በ1911 እ.ኤ.አ. ባሳተመው መጽሐፉ፣ የአንድ አገር ኢኮኖሚ የሚለወጠው ያለው ነገር በመብዛቱ ብቻ ሳይሆን፣ ቀድሞ የነበሩት ነገሮች ባልታሰበ አኳኋን እንደ አዲስ በመቀናጀታቸው መሆኑን አስተማረ። ከእርሱም በኋላ ሪቻርድ ኔልሰንና ሲድኒ ዊንተር በ1982 እ.ኤ.አ. ባወጡት መጽሐፍ፣ ሠሪ ሁሉ ትርፉን አስልቶ የሚሠራ ሳይሆን በለመደው የአሠራር ሥርዓት የሚኖር መሆኑን፣ ከተለያዩት ልማዶችም ዘመኑና ገበያው የሚስማማውን እየመረጠ እንደሚያስቀርና ይህም ከአንዱ ወደ ሌላው እንደሚተላለፍ ገለጡ። የዝግመተ ለውጥ ምጣኔ ሀብት የሚባለው ትምህርት መንገድ ይህ ነው። ሰውን ሁሉን አዋቂ ሒሳብ አሳቢ ከሚያደርገው ከሌላው ትምህርት ይልቅ ይህኛው ለዋግ ገበሬ የሚስማማ ይመስለኛል፤ ዝናቡ በመጣና በቀረ ቁጥር የሚኖር ሰው ከሒሳብ ይልቅ በተፈተነ ልማድ ቢታመን የሚወቀስበት ምክንያት የለምና።

ባለ ፍሬሙ ሣጥን ራሱ የዚህ ትምህርት ጥሩ ምስክር ነው። ሎሬንዞ ላንግስትሮዝ የተባለው አሜሪካዊ የወንጌል ሰባኪ፣ ንቦች ከ6 እስከ 9 ሚሊ ሜትር የሚሆነውን ክፍተት መተላለፊያ አድርገው እንደሚተዉት፣ ከዚያ የጠበበውን በሙጫ እንደሚደፍኑት፣ የሰፋውን ደግሞ በማር እንጀራ እንደሚሞሉት አስተውሎ፣ የሚወጣና የሚገባ ፍሬም ያለውን ቀፎ በ1852 እ.ኤ.አ. በስሙ አስመዘገበ። ነገር ግን ሥራው በዚህ አልተፈጸመም። ንቦቹ ቀጥ ብለው በፍሬሙ ላይ ይሠሩ ዘንድ የሚመራቸው የታተመ ሰም አስፈለገ፤ ይህንም ጀርመናዊው ዮሐንስ ሜሪንግ በ1857 እ.ኤ.አ. አወጣ። እንጀራው ሳይሰበር ማሩን በሽክርክሪት የሚያወጣውን መሣሪያ ደግሞ የኦስትሪያ መኮንን የነበረው ፍራንዝ ፎን ህሩሽካ በ1865 እ.ኤ.አ. አስተዋወቀ። እንግዲህ በእኛ ዕቅድ ላይ «አንድ ቀፎ» ተብሎ በአንድ መስመር የሚጻፈው ዕቃ፣ በሦስት አገር ሰዎች ከ10 ዓመት በላይ የተሰበሰበ የሦስት ፈጠራ ጉባኤ ነው።

በአገራችን የንብ ምርምር በሆለታ ከተጀመረበት ከ1950ዎቹ ዓ.ም. መጨረሻ ወዲህ ሣጥኑ ቀስ በቀስ እየተስፋፋ እስከ ዋግ ኽምራዋ ሰቆጣ ደርሷል። የደረሰው ግን ብዙ ጊዜ ብቻውን ነው። ሰም ሳይታተምለት የተሰጠን ሣጥን በአበባው ወራት የከፈተ ሰው የሚያየውን ያውቀዋል፤ ንቦቹ እንጀራቸውን ከፍሬም ወደ ፍሬም አግድም ጋድመው ስለ ሠሩት አንዱን ሲስቡት ሁሉም ይከተላል፣ እጩም ማሩም ባንድነት ይቀደዳል፣ ገበሬውም «እንግዲህ ምን ይደረጋል» ብሎ ቢላዋውን አምጥቶ እንደ ጥንቱ ይቆርጠዋል። ያን ጊዜ ያ ሣጥን ዋጋው የበዛ የጭቃ ቀፎ ነው። ከባህላዊው ቀፎ በዓመት ከ5 እስከ 8 ኪሎ፣ ከሣጥኑ ግን ከ15 እስከ 20 ኪሎ ማር ይገኛል እየተባለ የሚነገረው ቁጥርም እውነት የሚሆነው ተባባሪዎቹ ሁሉ በተሟሉበት ስፍራ ብቻ ነው።

ለመሆኑ ያ የሚታተመው ሰም ከየት ይመጣል? የነገሩ ምስጢር ያለው እዚህ ላይ ነው። ሣጥኑ ማሩ ከወጣ በኋላ እንጀራውን መልሶ ለንቦቹ ስለሚሰጥ ሰም እምብዛም አይወጣውም፤ ሰም የሚሰጠው እንጀራው ከነማሩ የሚቆረጥበት የጭቃው ቀፎ ሲሆን፣ ከጥሬ ማሩ ከመቶ ከ8 እስከ 10 እጅ ሰም ይገኝበታል። ያም ጥሬ ማር ወደ ጠጅ ቤት ይገባል፤ ጠጅ ጣይዋም ማሩን በጥብጣ ከጠጁ ላይ ሰፈፉን ታነሣለች፤ ሰፈፉ በውኃ ተፈልቶ፣ በሻሽ ተጨምቆ፣ ረግቶ ንጹሕ ሰም ይሆናል። ከዚህ ሰም ጥቂቱ ጧፍ ሆኖ ወደ ቤተ ክርስቲያን ይሄዳል፤ ጥቂቱ ነጋዴ እጅ ይገባል፤ የቀረው ነው ወደ ማተሚያው ደርሶ ባለ ስድስት ማዕዘን ቅርጽ የሚወጣለት። ስለዚህ አዲሱ ሣጥን ዛሬም በአያቱ ጡት የሚያድግ ሕፃን ነው። አሮጌውን ቀፎ ባንድ ጊዜ አጥፍተን ሁሉንም በሣጥን ብንተካው፣ በማግሥቱ ለሣጥኑ የሚሆን ሰም እናጣለን። እጥረቱ ገና ዛሬ መታየት ጀምሯል፤ በሰሙ ላይ ሞራ ወይም የፋብሪካ ሻማ የሚቀላቅል ሻጭ አይታጣም፣ እንዲህ ያለውም ሰም በቆላው ሙቀት ይላላል፣ ንቦቹም ይሸሹታል። ገበሬው ግን የሚያማው ሻጩን ሳይሆን ሣጥኑን ነው።

አሮጌው ከአዲሱ ጋር አብሮ ሲኖር ሰቆጣ ከዚህ በፊትም አይታለች። ከአፋር ዝቅተኛ ምድር በግመልና በአጋሰስ የሚመጣው አሞሌ ጨው ከሚያልፍባቸው ታላላቅ ገበያዎች አንዷ እርሷ ነበረች፤ ዳግማዊ አፄ ምኒልክም የራሳቸውን መልክ የያዘ ብር ካሳተሙ በኋላ፣ አሞሌውና የማርያ ትሬዛ ብር ከአዲሱ ብር ጋር ለብዙ ዘመን አብረው ሲገበዩ ኖረዋል።

ለንቡም ቢሆን ቀፎው ብቻ አይበቃውም፤ አበባ ያስፈልገዋል። ከልቅ ግጦሽ የተከለሉት ተራሮች ሣራቸውንና ቁጥቋጧቸውን መልሰው ሲለብሱ፣ መሬት የሌላቸው ወጣቶች ተደራጅተው ቀፎ እንዲያኖሩበት መፈቀዱ፣ ከሣጥኑ የማያንስ ፈጠራ ነው እላለሁ፤ ምንም እንኳ እንጨትና ምስማር ባይኖረው፣ ሰዎች እርስ በርሳቸው የተስማሙበት አዲስ ሥርዓት ነውና። ይሁን እንጂ ማንተሴው የሚያብበው የአበርገሌ ፍየል ሳትገባ በቀረችበት ጋራ ላይ መሆኑን መርሳት አይገባም። የንብ ባለቤቱ ሲደሰት ባለ ፍየሉ ከሩቅ ሆኖ ያያል። የእርሱ ኪሳራ በእኛ የንብ ሪፖርት ላይ ተጽፎ አላየሁም፤ ይህም ትልቅ ጉድለት ነው።

እንግዲህ ዕቅድ ለምታወጡ ባልደረቦቼ የማቀርበው ልመና አጭር ነው። ለሚመጣው ዓመት ስንት ሣጥን እንደሚታደል ከመጻፋችሁ በፊት፣ በየወረዳው ሰም የሚያጣራና የሚያትም፣ ንጽሕናውንም የሚመረምር አንድ ቤት አቁሙ፤ ማሩን የሚያወጣውን መሣሪያ ገበሬዎች በእግር ሊደርሱበት ከሚችሉበት ቀበሌ አኑሩ፤ ሰፈፍ የሚሰበስቡትን ጠጅ ጣዮች በሥልጠናው ጥሪ ላይ ስማቸውን ጻፉ፤ የተከለለው ጋራ ጉዳይ ሲመከርም ባለ ፍየሉን አስቀምጡት። የጭቃውን ቀፎ «ተዉት» የሚለውን ትምህርት ግን ለጊዜው አቁሙት።