አርማታው ሳይሞላ የሚደርስ ኦዲተር

ፕሬዚዳንት ባራክ ኦባማ በፌብሩዋሪ 17 ቀን 2009 ዴንቨር ከተማ ላይ የፈረሙት የኢኮኖሚ ማነቃቂያ ሕግ በጊዜው ግምት 787 ቢሊዮን ዶላር የሚያስወጣ ነበር (እዚህ የሚጠቀሱት ዓመታት ሁሉ በአውሮፓውያን አቆጣጠር ናቸው)። በእነዚያ ወራት አሜሪካ ውስጥ በየወሩ ከግማሽ ሚሊዮን በላይ ሰው ከሥራው ይፈናቀል ስለነበር፣ ገንዘቡ ሳይውል ሳያድር ገበያ እንዲገባ ተፈለገ። ከዚህ ውስጥ 7.4 ቢሊዮን ዶላር ያህሉ ለመከላከያ ሚኒስቴሩ ደረሰው። የተመደበውም ለታንክና ለአውሮፕላን ሳይሆን ለጣሪያ፣ ለቦይለር፣ ለቧንቧ፣ ለወታደር ማደሪያ፣ ለሕፃናት ማቆያና ለሆስፒታል ነው። ይህን ገንዘብ እግር በእግር እንዲከታተል ኃላፊነቱ የተጣለው በሚኒስቴሩ ኢንስፔክተር ጄኔራል ቢሮ ላይ ነበር። የዛሬው ትውውቃችን ከዚህ ቢሮና ከሥራው ጋር ነው።

የጦር ሰፈሮች ለምን ተመረጡ? ምክንያቱ ግልጽ ነው። መሬቱ የመንግሥት ነው፤ የካሳም የይዞታም ጣጣ የለበትም። ለዓመታት «በጀት ሲገኝ ይሠራል» እየተባለ የተንከባለለ የጥገና ዝርዝርም በየሰፈሩ መሳቢያ ውስጥ ተቀምጧል። ዛሬ ቢፈቀድ ነገ ሠራተኛ ሊቀጠርበት የሚችል ሥራ ከዚህ የተሻለ በቀላሉ አይገኝም። ስለዚህ ከግማሽ የሚበልጠው ገንዘብ፣ 4.2 ቢሊዮን ዶላር ገደማ፣ ለነባር ሕንፃዎች ጥገናና እድሳት ሲውል፣ 1.33 ቢሊዮን ዶላር ለወታደራዊ ሆስፒታሎች ግንባታ ተመደበ። በካሊፎርኒያ ካምፕ ፔንድልተንና በቴክሳስ ፎርት ሁድ የተሠሩት ትልልቅ ሆስፒታሎች የዚህ ገንዘብ ውጤቶች ናቸው። ምድር ጦር፣ ባሕር ኃይልና አየር ኃይል ለሕፃናት ማቆያ እያንዳንዳቸው 80 ሚሊዮን አገኙ። ለባሕር ኃይልና ለማሪን አባላት መኖሪያ 100 ሚሊዮን፣ ለአየር ኃይል አባላትም ያንኑ ያህል ተያዘ። ሌላ 555 ሚሊዮን ዶላር ደግሞ ለቤት ባለቤቶች መርጃ ሆነ፤ የቤት ዋጋ በወደቀበት ሰዓት በዝውውር ትእዛዝ ቤታቸውን በኪሳራ ለመሸጥ የተገደዱ ወታደሮች፣ የቆሰሉ ወታደሮችና የሞቱት ቤተሰቦች ጉዳቱን ብቻቸውን እንዳይሸከሙ ታስቦ ነው።

ሕጉ የከለከለውም ነገር አለ። ከዚህ ገንዘብ አንድም ሳንቲም ለካዚኖ፣ ለዓሣ ማሳያ ገንዳ፣ ለአራዊት ማሳያ ስፍራ፣ ለጎልፍ ሜዳ ወይም ለመዋኛ ገንዳ እንዳይውል በአንቀጽ 1604 በስም ተዘርዝሮ ታገደ። ለጦር ሰፈር ይህ ቀላል ክልከላ አይደለም፤ ብዙዎቹ የጎልፍ ሜዳና መዋኛ አላቸው። ሕግ አውጪዎቹ የገንዘቡን ፈተና አስቀድመው ያዩት ይመስለኛል።

ኢንስፔክተር ጄኔራል የሚባለው ሹመት የተዋቀረው በ1978 በወጣ ሕግ ሲሆን፣ ለመከላከያ ሚኒስቴሩ የራሱ ቢሮ የተቋቋመለት በ1982 ነው። እኛ አገር የፌዴራል ዋና ኦዲተር ለሕዝብ ተወካዮች ምክር ቤት ሪፖርት እንደሚያቀርበው ሁሉ፣ አሜሪካም ከ1921 ጀምሮ ለኮንግረሱ የሚሠራ የኦዲት መሥሪያ ቤት አላት። ኢንስፔክተር ጄኔራሉ ከዚህ ይለያል። የሚሠራው እዚያው ሚኒስቴሩ ውስጥ ነው፤ ሆኖም ግኝቱን ለሚኒስትሩም ለኮንግረሱም ያሳውቃል። ሚኒስትሩ በአገር ደኅንነት ምክንያት አንድን ኦዲት ሊያስቆም ይችላል፤ ያን ሲያደርግ ግን ለኮንግረሱ ማስታወቅ ግዴታው ነው። የማነቃቂያው ሕግ ለዚህ ቢሮ የቁጥጥር ሥራ ብቻ 15 ሚሊዮን ዶላር መድቦለታል። ኦዲተሩ ገንዘቡ ካለቀ በኋላ ሳይሆን ገንዘቡ ሲለቀቅ አብሮ ተበጀተለት ማለት ነው።

ይህ ሐሳብ ከባዶ የመጣ አይደለም። በ1941 መጀመሪያ፣ አሜሪካ ጦርነት ከመግባቷ በፊት፣ ለአዳዲስ ምልምሎች ማሠልጠኛ ካምፖች በጥድፊያ ይገነቡ ነበር። የሚዙሪው ሴናተር ሃሪ ትሩማን በግዛታቸው ስለሚሠራው ስለ ፎርት ሌነርድ ውድ ካምፕ የብክነት አቤቱታ ሲደርሳቸው መኪናቸውን ራሳቸው እየነዱ ሄደው አዩ። የግንባታ ዕቃው በረዶና ዝናብ እየወረደበት ይበላሻል፤ ሠራተኛው እጁን አጣጥፎ ቆሟል። ተቋራጮቹ ያወጡት ወጪ ሁሉ የሚሸፈንላቸው፣ ከላዩም የተወሰነ ክፍያ የሚታሰብላቸው ስለነበር ለመቆጠብ የሚያስገድዳቸው ነገር አልነበረም። ትሩማን ሴኔቱን አሳምነው በማርች 1941 ልዩ መርማሪ ኮሚቴ አቋቋሙ። የመጀመሪያ በጀቱ 15,000 ዶላር ብቻ ነበር፤ ከቀዳሚ ሥራዎቹ አንዱም የካምፕ ግንባታ ምርመራ ሆነ። የወታደር መኖሪያ ግንባታና የመንግሥት ገንዘብ ቁጥጥር በአሜሪካ የተቆራኙት እንዲህ ነው።

በ2009 ወደነበሩት ኦዲተሮች እንመለስ። በሺዎች የሚቆጠሩ ፕሮጀክቶች በመላ አገሪቱ ተበታትነዋል፤ ሁሉንም መርምሮ መጨረስ የማይሞከር ነው። የቢሮው የስታቲስቲክስ ባለሙያዎች ልምድ ያላቸውን ኦዲተሮች «የትኛው ዓይነት ሥራ ለችግር ይጋለጣል?» እያሉ በተደጋጋሚ ጠየቁ፣ መልሱን ወደ ነጥብ ለወጡ፣ ፕሮጀክቶቹንም በስጋታቸው መጠን በቅደም ተከተል አሰለፉ። የሚላከው ቡድን በስጋት ደረጃው ከላይ ወዳለው ሰፈር ይሄዳል፤ እዚያ ከደረሰ በኋላም አጠገቡ ያሉትን ሌሎች ፕሮጀክቶች ይጨምራል። ሥራው በአራት ምዕራፍ ይታያል፤ ዕቅድ፣ የገንዘብ አለቃቀቅ፣ የውልና የሥራ አፈጻጸም፣ ክትትልና ሪፖርት።

ከአራቱ እኔ ዋና የምለው ዕቅዱን ነው። የአሜሪካ ጦር ግንባታ ሁሉ በአንድ ቅጽ ይጀምራል፤ ቁጥሩ 1391 ነው። ቅጹ ላይ ሥራው የት እንደሚሠራና ምን ያህል እንደሚፈጅ ይሞላል። ከዚያ ለምን እንዳስፈለገና አሁን ያለው ሁኔታ ምን እንደሚመስል በጽሑፍ ይብራራል። መጨረሻ አካባቢ ሥራው ባይፈቀድ የሚከተለው ጉዳት ይጠየቃል። ኦዲተሩ ይህን ወረቀት ይዞ ወደ ሕንፃው ይሄዳል። «ጣሪያው ያፈሳል» ከተባለ ጣሪያው ላይ ይወጣል። ስፋቱ ይህን ያህል ካሬ ነው ከተባለ የስሌቱን መነሻ ይጠይቃል። የዋጋ ግምቱ ከየት እንደመጣ ማስረጃው ፋይሉ ውስጥ ከሌለ፣ ሥራው የቱንም ያህል አስፈላጊ ቢሆን ግኝት ሆኖ ይጻፋል። ብዙ ሰው ይህን እንደ ቢሮክራሲ ያየዋል። እኔ ግን የግብር ከፋዩ ገንዘብ የሚጠበቀው እዚህ ላይ ነው ብዬ አምናለሁ። አርማታ ከተሞላ በኋላ «ይህ ሕንፃ አያስፈልግም ነበር» የሚል ሪፖርት ጅብ ከሄደ ውሻ ጮኸ ነው።

ከዕቅዱ ጋር ተያይዞ የሚመጣ ሌላ ፈተና የበጀት ዓይነት ነው። የጥገና በጀት ለብቻ፣ የአዲስ ግንባታ በጀት ለብቻ ነው። በዚያን ጊዜ ሕግ ከጥገናና ሥራ ማስኬጃ በጀት ለአዲስ ግንባታ ማዋል የሚቻለው በመደበኛው እስከ 750,000 ዶላር ድረስ ነበር። አሮጌ ማደሪያ ሲታደስ ግድግዳ ይፈርሳል፣ ክፍል ይሰፋል፣ አዲስ ደረጃ ይጨመራል። ታዲያ ጥገናው የት ላይ አብቅቶ ግንባታው የት ላይ ጀመረ? አንዱን ሥራ ሁለት ቦታ ከፍሎ ከገንዘብ ገደቡ በታች ማድረግ የሚፈልግ ሁልጊዜ አይጠፋም። ኦዲተሩ የሥራ ዝርዝሩን መስመር በመስመር የሚያነበው ለዚህ ነው። ጊዜም ይጫናል፤ የጥገናው ገንዘብ እስከ ሴፕቴምበር 30 ቀን 2010 በውል ካልታሰረ ይመለሳል፤ ለግንባታው ግን እስከ 2013 ድረስ ጊዜ ተሰጥቶታል።

ጥድፊያው ምን እንደሚያመጣ ለማየት አላስካ ጥሩ ምሳሌ ናት። አየር ኃይሉ በረጅም ርቀት የራዳር ጣቢያዎቹ ላይ በማነቃቂያው ገንዘብ የነፋስ ተርባይን ለመትከል ተነሣ። ከጣቢያዎቹ አንዱ፣ ቲን ሲቲ፣ በቤሪንግ ወሽመጥ ዳር ሩሲያን ፊት ለፊት የሚያይ ቦታ ላይ ነው። ነዳጅ ወደዚያ ማድረስ እጅግ ውድ በመሆኑ ሐሳቡ ትክክል ይመስላል። ነገር ግን ኢንስፔክተር ጄኔራሉ በ2011 ባወጣው ሪፖርት ፕሮጀክቶቹ በበቂ ሁኔታ አልታቀዱም አለ። ተርባይን ከመተከሉ በፊት ነፋሱ ራሱ መጠናት አለበት፤ በየወቅቱ ምን ያህል እንደሚነፍስ ሳይለካ ቁጠባው ወጪውን ይመልስ እንደሆነ ማወቅ አይቻልም። ፍጥነት የሚጠይቀው ሕግና ትዕግሥት የሚጠይቀው ነፋስ እዚያ ላይ ተጋጩ።

የውሉ ምዕራፍ ላይ ኦዲተሮቹ ጨረታው ለሕዝብ በይፋ መውጣቱን፣ ውሉም በሕጉ የታዘዙትን ግዴታዎች መያዙን ያያሉ። ብረቱ፣ አረብ ብረቱና የፋብሪካ ዕቃው አሜሪካ የተመረተ መሆን ነበረበት። የሠራተኛው ደሞዝም በአካባቢው ከሚከፈለው እንዳያንስ ከ1931 ጀምሮ የሚሠራበት ሕግ ተፈጻሚ ነበር። አንድ መልካም ነገርም ተገኘ። ገበያው ቀዝቅዞ ስለነበር ተቋራጮች ዋጋ ሰብረው ይገቡ ነበር፤ ከግምቱ በታች የተፈረሙት ውሎች የተረፈ ገንዘብ አስገኙ። ያ ትርፍ ወደ ሌላ የጥገና ሥራ ሲዛወር ኦዲተሩም አብሮ መከተል ነበረበት፤ ከፕሮጀክት ወደ ፕሮጀክት የሚዘዋወር ገንዘብ በቀላሉ ከዓይን ይሰወራል።

ሪፖርቱስ? ገንዘብ የተቀበለ ሁሉ ሩብ ዓመቱ ባለቀ በ10 ቀን ውስጥ ምን እንደሠራና ስንት የሥራ ዕድል እንደፈጠረ እንዲያሳውቅ ታዘዘ፤ መረጃውም ማንም ዜጋ ሊያየው ለሕዝብ ይፋ ሆነ። ይህን የሚከታተለውን ቦርድ የመሩት የቀድሞው የአገር ውስጥ ጉዳይ ሚኒስቴር ኢንስፔክተር ጄኔራል ኧርል ዴቫኒ ነበሩ። በኖቬምበር 2009 ጋዜጠኞች ሰነዱን ሲያገላብጡ የሌሉ የምርጫ ክልሎች አገኙ፤ አሪዞና ስምንት ክልል ብቻ እያላት በ15ኛው ክልል ሥራ ተፈጠረ ተብሎ ተመዝግቧል። ቅጹን የሞሉት ሰዎች ቁጥሩን አሳስተው ነበር። ቅሌቱ ትልቅ ወሬ ሆነ፤ እኔ ግን የግልጽነቱ ጥቅም የታየው ያኔ ነው እላለሁ። መሳቢያ ውስጥ የተቆለፈ ስህተት በሳምንት ውስጥ አይገኝም።

እስካሁን ያልኩት የዚያን ቁጥጥር ጠንካራ ጎን ነው፤ ሳይቃጠል በቅጠል ብሎ በጊዜ ደርሷል። ድክመቱ ርክክብ ላይ ማቆሙ ነው። ሕንፃው ተሠራ፣ ሂሳቡ ተዘጋ፣ ፋይሉ መደርደሪያ ገባ። ውስጡ የሚኖረው ቤተሰብስ?

የአሜሪካ ጦር የቤተሰብ መኖሪያዎች በ1996 በወጣ ሕግ መሠረት በአብዛኛው ወደ ግል ኩባንያዎች ተላልፈዋል። ኩባንያዎቹ መሬቱን ለ50 ዓመት ያህል በሊዝ ይዘው ቤቱን ያስተዳድራሉ፤ ኪራዩ የሚመጣው መንግሥት ለወታደሩ ከሚከፍለው የቤት አበል ነው። ኩባንያው ጥገናውን በጊዜ ካከናወነ ማበረታቻ ክፍያ ያገኛል። በ2019 ሻጋታ፣ እርሳስ ያለበት ቀለምና የሚያፈስ ቧንቧ ያስመረራቸው የወታደር ሚስቶች ሴኔት ፊት ቀርበው መሰከሩ። በዲሴምበር 2021 ባልፎር ቢቲ ኮሚዩኒቲስ የተባለው ኩባንያ የማጭበርበር ወንጀል መፈጸሙን ፍርድ ቤት ቀርቦ አመነ፤ የጥገና መዝገቦች ማበረታቻው እንዲከፈል ተብለው በሐሰት ይሞሉ ነበር። ቅጣቱና ካሳው በድምሩ ከ65 ሚሊዮን ዶላር በላይ ሆነ። ወረቀት ላይ ተጠገነ የተባለ ቤት ውስጥ ሻጋታው እንዳለ ነበር። በ2023 ደግሞ የኮንግረሱ ኦዲት መሥሪያ ቤት ላጤ ወታደሮች የሚያድሩባቸውን የመንግሥት ማደሪያዎች ጎብኝቶ ሻጋታ፣ የፍሳሽ ችግርና የተባይ መራባት ማየቱን ጻፈ።

የእኔ ፍርድ ይህ ነው። የ2009ኙ ዘዴ ትክክል ነበር፤ ግማሽ መንገድ ሄዶ ስለቆመ ግን አልበቃም። ኦዲተር ቅጽ 1391ን እንደሚያነበው ሁሉ፣ ከርክክብ ሁለትና ሦስት ዓመት በኋላ ተመልሶ የተከራዩን በር ማንኳኳት አለበት። የጥገና ትእዛዙን ቀንና የተጠገነበትን ቀን ከመዝገቡ ወስዶ፣ «እውነት በዚህ ቀን መጥተው ነበር?» ብሎ ተከራዩን መጠየቅ አለበት። ይህን የሚተካ ሰነድ የለም።

የኢንስፔክተር ጄኔራሉ ቢሮ ዛሬ የሚገኘው በቨርጂኒያ አሌክሳንድሪያ፣ ማርክ ሴንተር በሚባለው ግቢ ነው። በዚያ ሰፈር ዙሪያ ብዙ ኢትዮጵያውያን ቤተሰቦች ይኖራሉ፤ ልጆቻቸው በጦሩ ውስጥ የሚያገለግሉ፣ እነሱም በሂሳብ፣ በኤሌክትሪክና በሕንፃ ጥገና ሙያ የተሰማሩ አሉ። በጦር ሰፈር ሥራ ላይ ያላችሁ ወይም ልጃችሁ በወታደር መኖሪያ የምትኖር አንባቢዎች፣ የቢሮው ሪፖርቶች በአብዛኛው ለሕዝብ ክፍት ስለሆኑ የጦር ሰፈሩን ስም ፈልጋችሁ አንብቡ። ያልተሠራ ሥራ ተሠራ ተብሎ ሲፈረም ካያችሁ ለቢሮው የጥቆማ መስመር አሳውቁ። መስመሩ ለማንም ክፍት ነው፤ ስምን ሳይገልጹ መጠቆም ይቻላል፤ የተቋራጭ ሠራተኛም በመጠቆሙ ምክንያት ከሥራ እንዳይባረር ሕግ ይከላከልለታል።