የወይን ዐይነት እንዴት ይታወቃል
ለገጠር ትምህርት ቤት መምህራንና ለአገር ሽማግሌዎች

ወይን የሚለው ቃል በአማርኛችን ብዙ ነገር ይሸከማል። ሐረጉም ወይን ነው፤ ፍሬውም ወይን ነው፤ ከፍሬው ተጨምቆ የሚጠጣውም ወይን ጠጅ ይባላል። የቤተ ክርስቲያን ሰው ደግሞ የደረቀውን ፍሬ ዘቢብ ብሎ ያውቀዋል፤ በኢትዮጵያ ቤተ ክርስቲያን ለቅዳሴ የሚቀርበው ወይን ከዚሁ ከዘቢብ ይዘጋጃልና። ነገር ግን ሐረጉን ተክሎ ፍሬውን ለሚጠብቅ ሰው ይህ አንድ ስም አይበቃውም። «ወይን ተከልሁ» ቢል፥ «የትኛውን ወይን?» ተብሎ ይጠየቃል። ዓለም አቀፉ የወይንና የወይን ጠጅ ድርጅት እንደሚገምተው በዓለም ላይ ያሉት የወይን ዐይነቶች ወደ 10,000 ይደርሳሉ። ይሁን እንጂ ይኸው ድርጅት በ2017 ባወጣው መግለጫ፥ ወይን ከተተከለበት መሬት ሁሉ ግማሹን የያዙት 33 ዐይነቶች ብቻ መሆናቸውን ገልጧል። (በዚህ ጽሑፍ የሚጠቀሱት ዓመታት ሁሉ በአውሮጳውያን አቈጣጠር ናቸው።)

ነገሩ ለሐዋሳ ሐይቅ ዳር ሰው ሩቅ አይደለም። ከሐዋሳ በአዲስ አበባ መንገድ ወደ ሰሜን የሚጓዝ ሰው ሻሸመኔንና አርሲ ነገሌን አልፎ፥ ዛሬ ባቱ ወደምትባለው ወደ ዝዋይ ከተማ ይደርሳል። በዚያ፥ እንደ ሐዋሳ ሁሉ በስምጥ ሸለቆው ሐይቅ አጠገብ፥ ካስቴል የተባለው የፈረንሳይ ኩባንያ በ2007 ከፈረንሳይ የመጣ የወይን ሐረግ ተከለ፤ የመጀመሪያውም የወይን ጠጅ በ2014 ለገበያ ወጣ። ከተተከሉት ዐይነቶች ዋነኞቹ ሜርሎ፥ ሲራ፥ ካበርኔ ሶቪኞንና ሻርዶኔ ናቸው፤ ሦስቱ ፍሬያቸው ጥቍር ሲሆን ሻርዶኔ ነጭ ነው። እነዚህ ስሞች የሐረግ ስሞች ናቸው። በጠርሙስ ላይ የሚጻፍ ስም ግን ሁልጊዜ የሐረግ ስም አይደለም፤ በአገራችን እጅግ የታወቀው ጉደር የሚለው የወይን ጠጅ ስም የተወሰደው ከአምቦ በስተ ምዕራብ ካለው ከጉደር ወንዝ እንጂ ከሐረግ ዐይነት አይደለም። ስለዚህ የጠጁን ስም፥ የቦታውን ስምና የሐረጉን ስም ለይቶ ማወቅ የትምህርቱ መጀመሪያ ነው።

1ኛ፤ አንድ ዐይነት ማለት ምን ማለት ነው

ከወይን ፍሬ ውስጥ ዘሩን አውጥቶ የዘራ ሰው እናቲቱን ሐረግ መልሶ አያገኛትም። ልጅ ከአባትና ከእናት ተወልዶ ሁለቱንም ቢመስል እንጂ አንዱን እንዳይሆን፥ ከዘር የበቀለ ወይንም እንደዚሁ ሌላ አዲስ ሐረግ ነው፤ ፍሬው ሊጣፍጥም ሊመርም ይችላል። ስለዚህ የወይን ገበሬ ዘሩን ትቶ የደረጀ ቅርንጫፍ ይቈርጥና ይተክላል። ከተቈረጠው የበቀለው ልጅ አይደለም፤ ያው የፊተኛው ተክል ራሱ ነው። ከዚያም እየተቈረጠ፥ ከእጅ ወደ እጅ፥ ከአገር ወደ አገር ይሄዳል። እንግዲህ በዝዋይ የተተከለው ሜርሎና በፈረንሳይ በቦርዶ አገር ያለው ሜርሎ፥ ከጥቃቅን ልዩነት በቀር፥ በሰው እጅ የተዘረጋ አንድ ተክል ናቸው።

ከዚህ የሚከተለው ነገር ትልቅ ነው። ዐይነቱ የሚኖረው ሰው እስከ ተከለው ድረስ ብቻ ነው። ስሙም ከቍራጩ ጋር የሚጓዘው ሰጪው በትክክል ከነገረና ተቀባዩ በትክክል ከያዘ ነው። ቍራጩ ቅጠል የሌለው ደረቅ እንጨት ስለ ሆነ፥ በሚተከልበት ጊዜ አንዱን ከሌላው በዐይን ለመለየት እጅግ ያስቸግራል። የተሳሳተ ቍራጭ የተከለ ሰው ስሕተቱን የሚያውቀው ቅጠሉ ሲወጣ ነው፤ ቅጠል ማንበብ ካልተማረ ግን ሦስት ዓመት ያህል ጠብቆ ፍሬው ሲመጣ ነው፤ ያንጊዜም ላያውቅ ይችላል።

2ኛ፤ ሊቃውንት ሐረግን በምን ይለያሉ

ስም ብቻውን እንደማይበቃ ከጥንት ጀምሮ ታውቋል። በመጀመሪያው መቶ ዓመት ስለ እርሻ የጻፈው ሮማዊው ኮሉሜላ፥ የወይን ስም ከቦታ ወደ ቦታ እንደሚለዋወጥ አስቀድሞ ተናግሯል። ስሙን ትቶ የተክሉን ምልክት በሥርዐት መጻፍን ግን ስፔናዊው ሲሞን ዴ ሮጃስ ክሌሜንቴ በ1807 ባሳተመው መጽሐፍ አሳየ፤ በአንዳሉሲያ አገር የሚበቅሉትን ወይኖች እየተመለከተ በቅጠላቸው፥ በዘለላቸውና በፍሬያቸው መደባቸው። በሃያኛው መቶ ዓመት ደግሞ በሞንፐልዬ ያስተምር የነበረው ፈረንሳዊው ፒዬር ጋሌ የቅጠሉን ጅማቶች ርዝመትና በመካከላቸው ያለውን ማእዘን በመለካት ትምህርቱን አስፋፋው።

የወይን ቅጠል የተዘረጋ መዳፍ ይመስላል። ተመልካቹ በተራ የሚመረምራቸው ምልክቶች እነዚህ ናቸው፤

ሀ) የቀንበጡ ጫፍ፤ ነጭ ጥጥ የመሰለ ጠጕር አለበት ወይስ የለበትም፤ ቀለሙስ አረንጓዴ ነው ወይስ ቀላ ያለ ነው።
ለ) የቅጠሉ ጣቶች፤ ሦስት ናቸው ወይስ አምስት፤ በጣቶቹ መካከል ያለው ሰርጥ ጥልቅ ነው ወይስ ጥልቅ አይደለም።
ሐ) ዘንጉ ከቅጠሉ ጋር የሚገናኝበት ሰርጥ፤ ክፍት ነው ወይስ ጫፍና ጫፉ ተገናኝቶ የተዘጋ ነው።
መ) የዳሩ ጥርስ፤ ሹል ነው ወይስ ደነዝ።
ሠ) የቅጠሉ ጀርባ፤ ልሙጥ ነው ወይስ ጠጕራም።
ረ) ዘለላው የላላ ነው ወይስ የጠበቀ፤ ፍሬው ክብ ነው ወይስ ሞላላ፤ ቀለሙስ ምንድን ነው።

ለምሳሌ የካበርኔ ሶቪኞን ቅጠል ሰርጦቹ እጅግ ጥልቅ ናቸው፤ የጣቶቹም ጫፎች እርስ በርሳቸው ስለሚደራረቡ ቅጠሉ የተበሳ ይመስላል። በሻርዶኔ ቅጠል ደግሞ ከዘንጉ አጠገብ ያለውን ሰርጥ በሁለት ወገን የሚያዋስነው ራሱ ጅማቱ ነው፤ በዚያ ስፍራ የቅጠል ሥጋ የለም። ይህን አንድ ጊዜ በጥንቃቄ ያየ ልጅ ሁለቱን አያደናግርም።

አንድ ጥንቃቄ ግን ያስፈልጋል። ፊሎክሴራ የተባለች ጥቃቅን ነፍሳት ከአሜሪካ ተሻግራ ከ1860ዎቹ ዓመታት ጀምሮ የፈረንሳይን ወይን ከሥሩ እየበላች ካጠፋች ወዲህ፥ ብዙ አገሮች የወይናቸውን ቀንበጥ የሚያጣብቁት ይህችን ነፍሳት በሚቋቋም በአሜሪካ ወይን ሥር ላይ ነው። እንዲህ ያለ ተክል ከላይ አንድ፥ ከታች ሌላ ነው። ከሥሩ አጠገብ የበቀለውን ቅጠል ወስዶ የሚመረምር ሰው የሚያነበው የሥሩን እንጂ የፍሬውን ባለቤት አይደለም።

3ኛ፤ ስምና ምልክት ሲለያዩ የሚደርሰው ጕዳት

በአሥራ ዘጠነኛው መቶ ዓመት ከቦርዶ ወደ ቺሌ ብዙ የወይን ቍራጭ ተወሰደ። ከሜርሎ ጋር ተቀላቅሎ ካርመኔር የሚባል ሌላ ዐይነት ነበረበት። የሁለቱ ቅጠል ስለሚቀራረብ የቺሌ ገበሬዎች ሁሉንም ሜርሎ ብለው ጠሩት። ካርመኔር ግን ከሜርሎ ብዙ ሳምንት ዘግይቶ የሚበስል ነው፤ በአንድነት ሲለቀም አንዱ በስሎ ሌላው ጥሬ ሆኖ ይገኝ ነበር። ገበሬው ስሕተቱን በአየሩና በመሬቱ ላይ ያሳብብ ነበር። በ1994 ከሞንፐልዬ የመጣው ሊቅ ዣን ሚሼል ቡርሲኮ በእርሻው መካከል ቆሞ ቅጠሉንና አበባውን ተመልክቶ፥ ይህ ካርመኔር ነው አለ። በፈረንሳይ ከሞላ ጐደል ጠፍቷል የተባለው ዐይነት በሌላ ስም ተሸፍኖ ከመቶ ዓመት በላይ በቺሌ ኖሮ ተገኘ።

በአውስትራሊያ የሆነው ደግሞ የባሰ ነው። ከስፔን የተክል መሰብሰቢያ አልባሪኞ ተብሎ የተላከውን ሐረግ ገበሬዎች ገንዘባቸውን አውጥተው ተከሉት። በ2009 ሲመረመር ሳቫኛን የተባለ ሌላ ዐይነት ሆኖ ተገኘ። በዚህ ጊዜ የተሳሳተው ያልተማረ ገበሬ ሳይሆን፥ በመሰብሰቢያው ተክል ላይ የተንጠለጠለው የስም ወረቀት ነው።

4ኛ፤ የሐረግ ትውልድ ቈጠራ

የአገራችን ሽማግሌ ልጁን ትውልዱን እስከ ሰባት ቤት ያስቈጥረዋል፤ ዘመድ ከዘመድ እንዳይጋባ ነው። በዘመናችን ሊቃውንት ለወይንም እንዲህ ያለ ትውልድ መቍጠር ችለዋል። በእያንዳንዱ ተክል ሕዋስ ውስጥ ዲ ኤን ኤ የሚባል፥ ከወላጅ ወደ ልጅ የሚተላለፍ የባሕርይ ጽሑፍ አለ። ጆን ባወርስና ካሮል ሜሬዲት የተባሉ የካሊፎርንያ ተመራማሪዎች ይህን ጽሑፍ እያነጻጸሩ በ1997፥ ጥቍሩ ካበርኔ ሶቪኞን የጥቍሩ የካበርኔ ፍራንና የነጩ የሶቪኞን ብላን ልጅ መሆኑን ገለጡ። ኋላም የሜርሎ አንደኛው ወላጅ ይኸው ካበርኔ ፍራን መሆኑ ታወቀ። እንግዲህ በዝዋይ ጎን ለጎን የቆሙት ሜርሎና ካበርኔ ሶቪኞን በአንድ ወላጅ ወንድማማች ናቸው። በቺሌ ከሜርሎ ጋር የተደባለቀው ካርመኔርም ከካበርኔ ፍራን የተወለደ ነው፤ ገበሬው መለየት ማቃቱ የቤተ ዘመድ መልክ አሳስቶት ነበር።

ይህን የሰማ ሰው፥ እንግዲያስ የዐይን ምርመራ አብቅቷል ሊል ይችላል። አላበቃም። ፒኖ የሚባለው ወይን ጥቍር፥ ግራጫና ነጭ ፍሬ ያላቸው ሦስት መልኮች አሉት፤ ዐይነትን ለመለየት የሚደረገው የተለመደው የዲ ኤን ኤ ምርመራ ሦስቱን እንደ አንድ ይቈጥራቸዋል፤ ቀለማቸውን የለወጠው በአንድ ተክል ላይ የደረሰ ጥቂት ለውጥ ነውና። ልጅ እንኳ በዐይኑ የሚለየውን ያ ምርመራ ሳይለየው ይቀራል። ስለዚህ ትውልዱን የሚናገረው ምርመራና መልኩን የሚናገረው ዐይን እንደ ሁለት ምስክሮች ናቸው፤ አንደኛው ሌላውን አያሰናብትም።

5ኛ፤ ይህ ትምህርት ለእንሰት አገር የሚሰጠው ጥቅም

በሐዋሳ ዙሪያ በሲዳማ አገር የወይን እርሻ በየደጁ የለም፤ ነገር ግን እንደ ወይን ከዘር ሳይሆን ከአካሉ የሚባዛ ተክል በየደጁ አለ፤ እርሱም በሲዳምኛ ዌሴ የሚባለው እንሰት ነው። ገበሬው ያልደረሰውን እንሰት ነቅሎ፥ የመካከሉን ቡቃያ አውጥቶ፥ ሥሩን በአፈርና በፍግ ይቀብረዋል፤ ከዚያም ብዙ ችግኝ ይበቅላል። ችግኞቹ ሁሉ ያው አንዱ ተክል ናቸው። ስለዚህ ስለ ወይን ዐይነት የተነገረው ሁሉ ለእንሰትም ይሆናል።

የሲዳማ ገበሬም ሐረግ መርማሪው በመጽሐፍ የሚሠራውን ሥራ ያለ መጽሐፍ ይሠራል። ገንቲቻን ከአዶ፥ አዶን ከሚዳሾ የሚለየው በቅጠሉ ጅማት ቀለም፥ በግንዱ መልክ፥ በቁመቱና በሚደርስበት ጊዜ ነው። ከዚህም በላይ ጠንካራውንና ዘግይቶ የሚደርሰውን ወንድ፥ ለስላሳውንና ሥሩ ተቀቅሎ የሚጣፍጠውን ሴት እያለ ይመድበዋል። ይህ በጥቅም መመደብ ነው፤ ወይንም ቢሆን በጥቅሙ የሚበላ፥ የሚደርቅና የሚጠመቅ ተብሎ ይከፈላል። በምልክት መመደብና በጥቅም መመደብ ሁለቱም ትክክል ናቸው፤ ስሕተት የሚሆነው ሁለቱን መቀላቀል ነው።

ልዩነቱ አንድ ነው። የወይኑ ዕውቀት ተጽፏል፤ የእንሰቱ ግን አብዛኛው በሽማግሌዎችና በእናቶች ልብ ውስጥ አለ። በአረካ የእርሻ ምርምር ማእከል የእንሰት ዐይነቶች ከየአገሩ ተሰብስበው ተተክለዋል፤ ይህ መልካም ነው፤ ነገር ግን ከአውስትራሊያው ታሪክ እንዳየነው ተክሉ ቢቀመጥ እንኳ ስሙና ምልክቱ አብረው ካልተጻፉ ተክሉ ዲዳ ነው። እንሰትን የሚያጠወልገው የባክቴሪያ በሽታ በ1968 በጽሑፍ ከተገለጠ ወዲህ ብዙ ጓሮ አጥፍቷል፤ ከወላይታ የሚገኘው ማዚያ የተባለው ዐይነት ግን ከሌሎቹ ይልቅ ይቋቋመዋል። ማዚያን ከሌላው ለይቶ የማያውቅ ሰው ከዚህ ጥቅም አይካፈልም። ስሙ የጠፋ ዐይነት ሲሞትም የሚያለቅስለት የለም፤ መኖሩ አልታወቀምና።

6ኛ፤ በትምህርት ቤት የሚሠራ ሥራ

መምህሩ ለእያንዳንዱ ዐይነት አንድ ገጽ የሚሰጥ ደብተር ያዘጋጅ። ተማሪዎቹ በየገጹ እነዚህን ይጻፉ፤ የተክሉን ስም፥ ስሙን የነገረውን ሰው፥ ችግኙ ከየት እንደ መጣ፥ የቅጠሉንና የግንዱን ምልክት፥ የሚደርስበትን ጊዜና ጥቅሙን፥ እንዲሁም የታየበትን ቀንና ቦታ። የወይን ቅጠል ካለ በወረቀት መካከል ተጭኖ ይድረቅና ከገጹ ላይ ይጣበቅ። የእንሰት ቅጠል ታላቅ ስለ ሆነ በሥዕል ይሣል፤ የጅማቱም ቀለም ተክሉ ቆሞ ሳለ ይጻፍ። ልጆቹ ጓሮ ለማየት ሲሄዱ በቢላዋ አይቍረጡ፤ የእንሰቱ በሽታ በተበከለ ቢላዋ ይተላለፋልና።

ሁለት ሕግም ይጠበቅ። ለአንድ ተክል ሁለት ስም ቢነገር ሁለቱም ይጻፉ፤ አንዱ አይሰረዝ። ሁለት ተክል በአንድ ስም ቢጠሩ ምልክታቸው እስኪነጻጸር ድረስ በሁለት ገጽ ይቀመጡ። ሽማግሌዎችም ልጆቹ ሲጠይቁ የሚያውቁትን ሳይሰስቱ ይንገሩ፤ የማይስማሙበትም ነገር ቢኖር አለመስማማታቸው ራሱ ይጻፍ።

ካርመኔር በቺሌ ስሙን አጥቶ ሳለ ሊታወቅ የቻለው ምልክቱ በመጽሐፍ ተጽፎ ስለ ነበር ነው። ለገንቲቻና ለአዶ፥ ለቀሩትም የጓሮ እንሰቶች ሁሉ እንዲህ ያለው መጽሐፍ ከአንድ የትምህርት ቤት ደብተር ሊጀመር ይችላል፤ የሚያውቁት ሽማግሌዎች በሕይወት ሳሉ ግን መጀመር አለበት።