ጎማ የሌለው የእሽቅድምድም መኪናና የልጆቻችን ዓይን

ልጆች በቴሌቪዥን መስኮት ፊት ተቀምጠው፥ ጆይስቲክ የሚሉትን መሣሪያ በሁለት እጃቸው ጨብጠው፥ ሰውነታቸውን ወደ ቀኝና ወደ ግራ እያዘነበሉ ሲጫወቱ ያየ ወላጅ፥ «ምን ይሆን እንዲህ የሚያስሮጣቸው?» ብሎ መጠየቁ አይቀርም። ጥያቄውም የተገባ ነው። ለልጅዋ የምታቀርበውን ምግብ የምትመረምር እናት፥ ዓይኑ የሚመገበውንም ብትመረምር የሚነቅፋት የለም። ስለዚህ ዛሬ ከነዚህ ጨዋታዎች አንዱን፥ ይኸውም በፍጥነቱ ስሙ የተጠራውን ዋይፕአውትን መርጠን፥ ሥራውንና ታሪኩን፥ ለቤተ ሰብም የሚያሳስበውን ነገር እንገልጻለን። በዚህ ጽሑፍ የተመለከቱት ዓመታት ሁሉ በፈረንጆች አቈጣጠር ናቸው።

ዋይፕአውት በ1995 የወጣ የእንግሊዝ አገር ሥራ ነው። የተሠራውም በሊቨርፑል ከተማ ሳይግኖሲስ በሚባል ማኅበር ነው። ይህን በ1984 የተቋቋመ ማኅበር የጃፓኑ ሶኒ በ1993 ገዝቶት ነበርና፥ የመጀመሪያው ፕሌይስቴሽን ለአውሮፓ ገበያ በቀረበ ጊዜ አብረውት ከወጡት ጨዋታዎች አንዱ ዋይፕአውት ሆነ። ታሪኩ የሚፈጸመው በ2052 ነው ተብሎ የታሰበ ነው። በዚያ ዘመን የእሽቅድምድም መኪና ጎማ የለውም፤ የምድርን ስበት በሚያሸንፍ ኃይል ከመንገዱ ጥቂት ከፍ ብሎ እየተንሳፈፈ ይበራል። የውድድሩም ስፍራ አንዱ በካናዳ፥ አንዱ በጃፓን፥ አንዱ በግሪንላንድ ሲሆን፥ ይህ አልበቃ ብሎ የመጨረሻው በማርስ ላይ ነው።

ከአሳቢዎቹ አንዱ የሆነው ኒክ በርኮም እንደ ተናገረው፥ ሐሳቡ የመጣለት ማሪዮ ካርት የሚባለውን የመኪና ጨዋታ ድምፁን ዘግቶ፥ በምትኩ የዳንስ ቤት ሙዚቃ እያሰማ ሲጫወት ነው። የዓይንና የጆሮ ነገር ሲስማማ ፍጥነቱ በልብ ውስጥ እንደሚያድግ ያን ጊዜ አስተዋለ። ስለዚህ ሙዚቃው ለጌጥ የተጨመረ ሳይሆን የጨዋታው ግማሽ አካል ነው ማለት ይቻላል። ብዙውን ዜማ የደረሰው ቲም ራይት ነው፤ በዲስኩ ላይ የተቀዳውም እንደ ማናቸውም የሙዚቃ ዲስክ ሆኖ ስለ ነበረ፥ በተራ የሙዚቃ ማጫወቻ ውስጥ ቢያስገቡት ይዘፍን ነበር። የቡድኖቹን ዓርማና የፊደሉን ቅርጽ ደግሞ የሼፊልድ ከተማው ዘ ዲዛይነርስ ሪፐብሊክ የተባለ የሥዕል ሥራ ቤት አዘጋጀው። እነዚህ ዓርማዎች በውነት ቢኖሩ ኖሮ በአደባባይ ቢሰቀሉ የማያሳፍሩ ናቸው።

አሁን ወደ አነዳዱ እንምጣ፤ ጥበቡ ያለው ከዚህ ላይ ነውና። ጎማ ያለው መኪና መሬቱን ቈንጥጦ ይይዛል፤ ተንሳፋፊው ግን የሚይዘው ስለሌለው፥ ነጂው መሪውን ቢያዞርም እንኳ ወደ ቀድሞ አቅጣጫው መንሸራተቱን አይተውም። ለዚህም ሁለት የአየር ፍሬኖች ተሰጥተውታል፤ አንዱ በቀኝ፥ አንዱ በግራ ነው። ፈረሰኛ ልጓሙን ወደ አንድ ወገን ሲስብ የፈረሱ አንገት ወደዚያው እንደሚመለስ፥ እንዲሁም የግራው ፍሬን ሲጫን አፍንጫው ወደ ግራ ይታጠፋል። ነገር ግን ፍሬኑን አብዝቶ የተጫነ ፍጥነቱን ያጣል፤ አዘግይቶ የተጫነ ከግድግዳው ይላተማል፤ በመጀመሪያው ጨዋታ ደግሞ ከግድግዳ የተላተመ ለመቆም ጥቂት እስኪቀረው ድረስ ይዘገያል። ስለዚህ ማጠፊያው ከመድረሱ አስቀድሞ ማሰብ ግድ ነው። ይህን ጨዋታ ዝም ብሎ መሮጥ ብቻ አድርገው የሚንቁት ሰዎች ጆይስቲኩን ለአንድ ዙር ያህል ቢይዙት አሳባቸውን የሚለውጡ ይመስለናል።

በመንገዱ ላይ ሮኬትና ፈንጂ የመሰሉ የጦር ዕቃዎች ስለሚገኙ፥ ጨዋታው ከጠብ የራቀ ነው ልንል አንችልም። ሆኖም ደም አይታይበትም፤ የሚመታው መኪናው ነው። በ1996 በወጣው በሁለተኛው፥ ማለት በዋይፕአውት 2097፥ የመኪናው ኃይል ተሟጦ ካለቀ ነጂው ከውድድሩ ይወጣል፤ ኃይሉን ለማደስም ከዋናው መንገድ ወጣ ባለ መተላለፊያ ማለፍ አለበት። በ2005 ለትንሹ የእጅ መሣሪያ በተሠራው በዋይፕአውት ፒውር ግን አንድ መልካም ነገር ተጨመረ፤ ነጂው ያገኘውን የጦር ዕቃ ወደ ባልንጀራው መወርወሩን ትቶ ለራሱ መኪና ኃይል አድርጎ ሊመልሰው ይችላል። ተኵሶ መጣል ወይስ ራስን ማዳን? ይህን በቅጽበት መቍረጥ ለብዙ ልጅ ከማጠፊያው ይልቅ ይከብደዋል።

ወላጆች ሁሉ ሊያውቁት የሚገባው ግን በ2008 የሆነው ነው። በዚያ ዓመት ለፕሌይስቴሽን 3 ዋይፕአውት ኤችዲ ይወጣል ተብሎ ሲጠበቅ ሳለ ቀኑ ተላለፈ። ምክንያቱም ብልጭታ የሚጥል በሽታን እንዳያስነሣ የሚደረገውን ፈተና ሳያልፍ ስለ ቀረ ነው። ሠሪዎቹም የተሠራውን መልሰው አስተካክለው በመስከረም ወር ሸጡት። ፍጥነቱ መለያው የሆነ ጨዋታ ስለ ተጫዋቹ ጤና ሲባል እንዲዘገይ መደረጉ፥ የሚያስመሰግን ሥራ ነው እንላለን።

የዚህ ፈተና ምክንያት እንዲህ ነው። የሚጥል በሽታ ካለባቸው ከ100 ሰዎች 3 የሚያህሉት ብልጭ ድርግም በሚል ብርሃን በሽታው ይነሣባቸዋል፤ ይህም በልጅነትና በጕርምስና ዕድሜ ይበዛል። ከነዚህም አንዳንዱ ይህ ጠባይ እንዳለበት የሚያውቀው በመስኮት ፊት ተቀምጦ ሲወድቅ ነው። በታኅሣሥ 1997 በጃፓን አገር ፖኬሞን የተባለ የልጆች የካርቱን ፊልም በቴሌቪዥን ሲታይ፥ ቀይና ሰማያዊ ብርሃን በፍጥነት እየተፈራረቀ ስለ በራ፥ ከ600 የሚበልጡ ልጆች ወደ ሐኪም ቤት ተወስደዋል። በእንግሊዝ አገር ደግሞ በ1993 በአንድ የቴሌቪዥን ማስታወቂያ ምክንያት ሰዎች ስለ ታመሙ ደንብ ወጣ፤ ደንቡም በአንድ ሰኮንድ ውስጥ ከሦስት የሚበልጥ ኃይለኛ ብልጭታ እንዳይታይ የሚከለክል ነው። በበርሚንግሃም የአስተን ዩኒቨርሲቲ ፕሮፌሰር የነበሩት ግራሃም ሃርዲንግ በዚህ ጕዳይ ብዙ የደከሙ ሰው ስለ ሆኑ፥ ፈተናው በስማቸው ይጠራል።

እንግዲህ በቤት ውስጥ የሚደረገው ቀላል ነው። መብራት አጥፍቶ መጫወት ይቅር፤ ጨለማ ብልጭታውን ያጐላዋልና። ልጁ ከመስኮቱ ራቅ ብሎ ይቀመጥ፤ ያልተኛና የደከመ ልጅም አይጫወት፤ በየመካከሉም ተነሥቶ ይረፍ። ብርሃኑ ድንገት ሲረብሸው አንድ ዓይኑን በመዳፉ ይሸፍን፥ ፊቱንም ያዙር፤ ሁለቱን ዓይን መጨፈን ግን ብርሃኑን በቆብ ውስጥ ስለሚያሳልፈው አይጠቅምም። ዞን የሚባለው የዚህ ጨዋታ ክፍል መኪናው ሳይቆም እየፈጠነ ቀለሙም እየተለዋወጠ የሚሄድበት ስለ ሆነ፥ ለሚያሠጋው ልጅ ይህ ክፍል ይቅርበት። በሽታው ያለበት መሆኑ የታወቀ ልጅ ግን አስቀድሞ ሐኪም ሳይጠየቅለት ባይጫወት ይሻላል።

ልጅ የወደቀ እንደ ሆነ ደግሞ፥ በየሰፈሩ እንደሚደረገው ክብሪት ጭሮ ማሽተት ምንም አይረዳውም፤ ማንኪያም ሆነ ጣት በአፉ ማስገባት ይጐዳዋል። መንቀጥቀጡን በጕልበት ለመግታት አይታገሉት፤ የሚመታውን ዕቃ አርቀው ከራሱ ሥር ለስላሳ ነገር ያድርጉለት፤ ሲበርድለትም በጐኑ ያስተኙት። ሰዓት ማየትም አይረሳ፤ ከአምስት ደቂቃ ካለፈ ወደ ሐኪም ቤት በቶሎ ይወሰድ።

የሊቨርፑሉ ሥራ ቤት በነሐሴ 2012 ተዘጋ። በዚያው ዓመት የወጣው ዋይፕአውት 2048 ከሥራዎቹ የመጨረሻው የዋይፕአውት ጨዋታ ነበር፤ በ2017 ሌሎች ባለሙያዎች የኋለኞቹን ጨዋታዎች ሰብስበው ኦሜጋ ኮሌክሽን በሚል ስም ለፕሌይስቴሽን 4 አዘጋጅተዋቸዋል። በዚህ ስብስብ ውስጥ ለጀማሪ ልጅ መኪናውን ከግድግዳ የሚመልስ ረዳት ስላለ፥ ታናሹ ከታላቁ ጋር ሊጫወት ይችላል።

ከመሣሪያው ጋር በሚመጣው መምሪያ ላይ ስለ ብልጭታ የሚናገር ማስጠንቀቂያ ተጽፎ ይገኛል፤ ልጆች ግን ሳጥኑን ሲከፍቱ መጀመሪያ የሚጥሉት እርሱን ነው። በባዕድ ቋንቋ ስለ ተጻፈ ቁም ነገሩን እንዲህ ብሎ ለልጁ መንገር ይቻላል፦ ራስህን ሲያዞርህ፥ ዓይንህ ሲጭበረበር፥ ክንድህ ወይም ጡንቻህ ሳታዝዘው ሲዘል፥ የት እንዳለህ ሲጠፋህ፥ ውድድሩ የመጨረሻው ዙር ላይ ቢሆን እንኳ፥ ያን ጊዜውኑ ተወውና ጥራን።