ዳንግዱት፦ ከካሴት እስከ ዩቲዩብ

ስለ ኢንዶኔዥያ የኢንተርኔት ቪዲዮ ሲወራ ነገሩ ሁሉ በስማርት ስልክ የተጀመረ ይመስላል። የአገሪቱን ተወዳጅ ሙዚቃ ዳንግዱትን ይዞ ወደ ኋላ ለሚሄድ ሰው ግን ታሪኩ ሌላ ነው። ዳንግዱት የማሌይ ዜማን፣ የሕንድ ፊልም ሙዚቃንና የኤሌክትሪክ ጊታርን አዋህዶ በ1970ዎቹ (እ.ኤ.አ.) መልክ የያዘ፣ በከበሮ የሚመራ የጭፈራ ሙዚቃ ነው። ንጉሡ የሚባለው የሶኔታ ባንድ መሪ ሮማ ኢራማ ነው። በ1977 ምርጫ ለተቃዋሚው እስላማዊ ፓርቲ በመቀስቀሱ፣ ያኔ ብቸኛው ጣቢያ የነበረው የመንግሥት ቴሌቪዥን ቲቪአርአይ ለዓመታት ደጁን ዘጋበት። ዝናው ግን አልቀነሰም፤ ካሴቱ በየገበያው ይቸበቸብ፣ ፊልሞቹ በየሲኒማ ቤቱ ይታዩ ነበር። የሕዝቡ ጆሮ የጃካርታን ጣቢያዎች አልፎ የሚሄድበት መንገድ አጥቶ አያውቅም ማለት ነው። ዩቲዩብ የዚያ መንገድ የቅርብ ጊዜው ቅጥያ እንጂ አዲስ ጅማሮ አይደለም።

ይህን ለመረዳት የምሥራቅ ጃቫን የሰርግ መድረክ ቀረብ ብሎ ማየት ይጠቅማል። ሙዚቀኞቹ የሚጫወቱት ኮፕሎ የሚባለውን ፈጣን የዳንግዱት ስልት ነው። ክንዳንግ የተባለውን ከበሮ የሚመታው ሰው ዓይኑን ከዘፋኟ ወገብ አይነቅልም፤ እንቅስቃሴዋን እየጠበቀ ምቱን በመዳፉና በጣቶቹ ያሳርፋል። ታዳሚው መድረክ ላይ እየወጣ አብሯት ይጨፍራል፣ ገንዘብ ያስይዛታል፤ ይህ ልማድ ሳወር ይባላል። ከ1990ዎቹ መጨረሻ ወዲህ እንዲህ ያለው ድግስ እየተቀረጸ በቪሲዲ (በቪዲዮ ዲስክ) ተባዝቶ በርካሽ ይሸጥ ጀመር። የፓሱሩዋኗ ዘፋኝ ኢኑል ዳራቲስታ በ2003 አገር ያነጋገረችው በዚሁ መንገድ ነው፤ ቴሌቪዥን የጠራት ገበያው ካወቃት በኋላ ነበር። ወገቧን እንደ መሰርሰሪያ የምታሽከረክርበት ጭፈራ የሃይማኖት መሪዎችን አስቆጣ፤ ሮማ ኢራማ ራሱ አወገዛት። በካሴት ዕገዳን ያለፈ ሰው በቪሲዲ የመጣችውን ማገድ መፈለጉ ያሳዝናል፤ አልሆነለትምም። ዛሬ በዩቲዩብ የሚታየው የኮፕሎ ቪዲዮም በባሕርይው ከዚያ አይለይም፦ የመድረኩ ዝግጅት ከነጭብጨባው፣ ኦርኬስትራ የሚባለው የባንዱ ስም በጉልህ ተጽፎ። በዚህ በር የወጣችው ዘፋኝ ቪያ ቫለን በ2018 በጃካርታው የእስያ ጨዋታዎች መክፈቻ ላይ መሪውን ዘፈን ዘፍናለች።

አሁን የሚመርጠው ሕዝቡ ሳይሆን የውጭ ኩባንያዎች አልጎሪዝም ነው የሚል ተቃውሞ ይነሳል። አልጎሪዝም አጭሩንና ፈጣኑን እንደሚያገንን አልክድም። ግን የዘፋኙ የዲዲ ኬምፖት ነገር በዚህ ብቻ አይፈታም። በሶሎ ከተማ ጎዳናዎች ላይ እየዘፈነ የጀመረው ይህ ሰው፣ በብሔራዊው ቋንቋ ሳይሆን በጃቫኛ ስለ መለየትና ስለ ባቡር ጣቢያ ሲያዜም የኖረ ነበር። በ2019፣ ዕድሜው ከ50 ካለፈ በኋላ፣ ወጣቶች የተሰበረ ልብ አባት ብለው ሾሙት፤ ኮንሰርቶቹንም እያለቀሱና እየጨፈሩ ሞሉለት። በግንቦት 2020 ሲሞት ያዘነለት ትውልድ ብዙዎቹ ዘፈኖቹ ሲወጡ ገና ሕፃን ነበር። የኢንተርኔት ቪዲዮው ድምፁን አደረሰ፤ ጃቫኛውንና ሐዘኑን ግን ሕዝቡ አስቀድሞ በውስጡ ይዞት ነበር። ነሐሴ 17 ቀን 2022 በነፃነት በዓል ከባንዩዋንጊ የመጣ የ12 ዓመት ልጅ በቤተ መንግሥት ግቢ በጃቫኛ ሲዘፍን ሚኒስትሮች ተነሥተው የጨፈሩትም ለዚሁ ነው፤ የዳር አገሩ ዘፈን እስከ ፕሬዚዳንቱ ደጅ ደርሷል።

የሚከብደው ተቃውሞ የክፍያው ነው። በ2018 የባሊው ሱፐርማን ኢዝ ዴድ ባንድ አባል ጄሪንክስ፣ ቪያ ቫለን ዘፈናችንን ያለ ፈቃድ ተጫወተችው ብሎ በአደባባይ ወቅሷታል። ኮፕሎ የሌላውን ዘፈን በራሱ ምት እየለወጠ የሚያድግ ሙዚቃ ስለሆነ ክሱ አንድን ሰው ብቻ የሚነካ አይደለም። በቪሲዲ ዘመን ኢኑል ከሕገ ወጥ ቅጂዎቹ ያጣችውን በመድረክ ዋጋዋ አካክሳለች፤ ግጥምና ዜማ ደራሲው ግን የሚያካክስበት መድረክ የለውም። ያኔ ስንት ቅጂ እንደተሸጠ የሚያውቅ አልነበረም ቢባል ያስኬድ ይሆናል። ዛሬ እያንዳንዱ እይታ ይቆጠራል፤ ማስታወቂያውም በቁጥሩ ልክ ይከፈልበታል። ስለዚህ የደራሲው ድርሻ የት ገባ ተብለው መጠየቅ ያለባቸው ቆጣሪውን የያዙት ኩባንያዎችና ቪዲዮውን የሚጭኑት ኦርኬስትራዎች ናቸው።