«ሕዝቡ» ሲባል ማን ይቀራል? ሕዝበኝነት፣ ዴሞክራሲ እና ይፋት

ሸዋሮቢት ላይ ስብሰባ የተቀመጠ ሰው «ሕዝቡ ይህን ይፈልጋል» የሚል ንግግር ሳይሰማ አይወጣም። የወረዳ ኃላፊው ይለዋል፤ የሚቃወመውም ይለዋል። ከውጭ አገር ሆኖ በፌስቡክ ቀጥታ ሥርጭት የሚናገረው ይለዋል፤ ጠመንጃ ያነሣውም ይለዋል። ቃሉ አንድ ነው፤ የሚሉት ሕዝብ ግን አንድ አይደለም። እያንዳንዳቸው ሲናገሩም ከንግግሩ ውጭ የሚቀር ጎረቤት አለ።

ይህን ነገር የፖለቲካ ሳይንስ ምሁራን ስም አውጥተውለት ለዓመታት አጥንተውታል። «ፖፑሊዝም» ይሉታል፤ በአማርኛ «ሕዝበኝነት» ተብሎ ተለምዷል። በኛ አገር ሚዲያ ቃሉ ስድብ ሆኗል። ለጭብጨባ የሚናገር፣ የማይፈጽመውን ቃል የሚገባ ፖለቲከኛ ሁሉ «ፖፑሊስት» ይባላል። ያ ግን ባዶ ተስፋ መስጠት እንጂ ሕዝበኝነት አይደለም። ሁለቱን መለየት የሚያስፈልገው ቀላል በሆነ ምክንያት ነው፤ ባዶ ቃል የሚገባ ሰው ኪሳችንን ይጎዳል፤ ሕዝበኛው የሚነካው ጉርብትናችንን ነው።

የቃሉ ታሪክ ከገበሬ ይጀምራል። እ.ኤ.አ. በ1890ዎቹ በአሜሪካ በባቡር ኩባንያዎችና በባንኮች የተማረሩ ገበሬዎች «የሕዝብ ፓርቲ» የሚባል ፓርቲ አቋቁመው ነበር። ከዚያ ጥቂት ቀደም ብሎ ሩሲያ ውስጥ የተማሩ ወጣቶች «ወደ ሕዝቡ እንሂድ» ብለው ገጠር ወርደዋል። ሁለቱም እውነተኛ በደልን ይዘው የተነሡ ነበሩ። ይህን ልብ እንበል፤ ሕዝበኝነት ብዙ ጊዜ ከሐሰት አይነሣም።

ዛሬ በጥናቱ ውስጥ ብዙ ከሚጠቀሱት አንዱ ሆላንዳዊው ካስ ሙደ ነው። እ.ኤ.አ. በ2004 ባሳተመው ጽሑፍ ሕዝበኝነትን «ስስ» አስተሳሰብ ይለዋል። ስስ ያለው እንደ ሶሻሊዝም ወይም እንደ ሊበራሊዝም ስለ ኢኮኖሚውም ስለ ሕጉም የተሟላ ሐሳብ ስለሌለው ነው። ያለው አንድ ነገር ነው፤ ኅብረተሰቡን ንጹሕ በሆነ «ሕዝብ» እና በተበላሹ «ልሂቃን» መካከል ለሁለት ይከፍላል፤ ፖለቲካም የዚያ አንድ ሕዝብ ፈቃድ መገለጫ ብቻ መሆን አለበት ይላል። ስስ ስለሆነም ከማንኛውም ነገር ጋር ይለጠፋል፦ ከግራ፣ ከቀኝ፣ ከብሔር፣ ከሃይማኖት።

አርጀንቲናዊው ኤርኔስቶ ላክላው እ.ኤ.አ. በ2005 ባወጣው መጽሐፍ ከዚህ የተለየ ነገር አለ። ለሱ ሕዝበኝነት በሽታ አይደለም፤ ፖለቲካ ራሱ የሚሠራበት መንገድ ነው። ሐሳቡን ወደ ቆላችን እናምጣው። አንዱ ሽንኩርቱ ዋጋ አጥቶበታል። አንዱ ማሾውን ጭኖ መንገድ ተዘግቶበት ቆሟል። አንዱ ዲግሪ ይዞ ሥራ አጥቷል። የአንዱ ሰፈር ሰዎች ደግሞ የመስጂድ ቦታ ጠይቀው መልስ ካጡ ቆይተዋል። እነዚህ አራት ጥያቄዎች በተፈጥሯቸው ዝምድና የላቸውም። ሁሉንም ያልመለሰው ግን አንድ ቢሮ ከሆነ ጥያቄዎቹ ይሰናሰላሉ፤ «እኛ» እና «እነሱ» ይፈጠራል። ላክላው ይህን እንደ ተስፋ ነው ያየው፤ የተገፉ ሰዎች ድምፅ የሚያገኙበት መንገድ ነው ብሎ።

ግማሽ እውነት አለው። ሕዝበኞች የተረሱ ጉዳዮችን ወደ አደባባይ ያመጣሉ፤ ምሁራኑ ራሳቸው ሕዝበኝነት ለዴሞክራሲ ስጋት ነው ወይስ ማረሚያ ብለው እስካሁን ይከራከራሉ። እኛን ይበልጥ ያሳመነን ግን ጀርመናዊው ያን-ቬርነር ሙለር እ.ኤ.አ. በ2016 ያስቀመጠው መለያ ነው። ሙለር እንደሚለው ልሂቃንን መተቸት ብቻውን ማንንም ሕዝበኛ አያደርግም፤ መንግሥትን መተቸት የማንኛውም ዜጋ መብት ነው። ሕዝበኛ የሚያደርገው «ሕዝቡን የምወክለው እኔ ብቻ ነኝ» ማለቱ ነው። ከዚህ ቀጥሎ የሚመጣው የታወቀ ነው። እኔን የማይደግፍ ሰው የተለየ ሐሳብ ያለው ዜጋ መሆኑ ቀርቶ፣ ከነጭራሹ የሕዝቡ አካል አይደለም ይባላል።

አማርኛ ለዚህ አዲስ አይደለም። ደርግ «ሰፊው ሕዝብ» ይል ነበር። ከሰፊው ሕዝብ ውጭ የሆነው ደግሞ «ፀረ-ሕዝብ»፣ «አድኃሪ»፣ «አናርኪስት» ነበር። በ1969 እና በ1970 ዓ.ም. በቀይ ሽብር የተገደለ ወጣት የሰፊው ሕዝብ ልጅ አልነበረም ወይ? ነበር። ግን በአንድ ቃል ከሕዝብነት ወጣ፤ ከዚያ በኋላ መግደሉ ቀላል ሆነ። ደርግ በምርጫ የመጣ አልነበረምና ምሁራኑ ከሕዝበኞች ተራ ላያስገቡት ይችላሉ። የቃሉ አሠራር ግን ያው ነው።

ከዚያ የመጣው ሕገ መንግሥት «ሕዝቦች» ብሎ በብዙ ቁጥር ጻፈ። አንቀጽ 8 የሥልጣን ባለቤት ያደረገው ብሔሮችን፣ ብሔረሰቦችንና ሕዝቦችን ነው። በብዙ ቁጥር መጻፉ አንድ ወጥ «ሕዝብ» ለሚል ሰው እንቅፋት ይሆን ነበር። የሆነው ግን ሌላ ነው፤ ንግግሩ ከአገር ወደ ብሔር ወረደ። ዛሬ «የኢትዮጵያ ሕዝብ አንድ ድምፅ ነው» የሚል ሰው ቢቀንስም፣ «ሕዝባችን አንድ ድምፅ ነው፤ ድምፁም እኔ ነኝ» የሚል በየብሔሩ ተነሥቷል።

ይህ ይፋት ላይ ሲደርስ ምን ይሆናል?

ይፋት አንድ ዓይነት ሰው ኖሮበት አያውቅም። በ13ኛው መቶ ክፍለ ዘመን መጨረሻ የተነሣው የወላስማዎች የይፋት ሱልጣኔት ከዘይላ ወደ ደጋው በሚወጣው የንግድ መንገድ ላይ የቆመ ነበር፤ የድንጋይ መስጂዶቹና የከተሞቹ ፍርስራሽ ዛሬም አለ። በኋላም አካባቢው በአንድ አውራጃ ሥር «ይፋትና ጥሙጋ» ተብሎ ኖሯል። ከ1983 ዓ.ም. በኋላ ግን ከፊሉ በሰሜን ሸዋ ዞን፣ ከፊሉ በኦሮሞ ብሔረሰብ ዞን፣ ከፊሉ በአርጎባ ልዩ ወረዳ ተከፈለ። በራሱ ልጆች መተዳደርና በቋንቋው መማር የብዙ ሰው ጥያቄ ስለነበር አከፋፈሉን በደፈናው አንነቅፍም። ገበያው፣ የመስኖ ውኃውና የደሴ መንገድ ግን ከመስመሩ በሁለቱም ወገን ላለው ሰው የጋራ ናቸው። የሰንበቴ ገበያ ላይ አማራው፣ ኦሮሞው፣ አርጎባውና አፋሩ ይገናኛል፤ ሙስሊሙና ክርስቲያኑ አንድ ሚዛን ላይ ይከራከራል።

በ2011 ዓ.ም. በአጣዬ፣ በካራቆሬና በማጀቴ፣ ከዚያም በመጋቢትና በሚያዝያ 2013 ዓ.ም. እስከ ሸዋሮቢት በዘለቀው ግጭት የሆነውን አንባቢ ያውቀዋል። አጣዬ በአብዛኛው ነደደች፤ ብዙ ሰው ሞተ፤ እጅግ ብዙ ሰው ተፈናቀለ። የግጭቱ መንስኤ ሕዝበኝነት ብቻ ነው አንልም፤ መሣሪያ አለ፣ መሬት አለ፣ የመንግሥት ድክመት አለ። በነዚያ ሳምንታት ስልክ ላይ ሲዘዋወር የነበረውን ወሬ ያስታወሰ ሰው ግን ንግግሩ እንዴት እንደነበር አይረሳውም። በአንዱ ወገን ወሬ «ሕዝባችን» አማራ ነው፣ አማራ ማለት ደግሞ ክርስቲያን ነው። በሌላው ወገን ወሬ «ሕዝባችን» ኦሮሞ ነው፣ ኦሮሞ ማለት ደግሞ ሙስሊም ነው። የሸዋሮቢት፣ የቀወትና የኤፍራታ አማራ ሙስሊም የት ይግባ? አርጎባው የት ይግባ? በሁለቱም «ሕዝብ» ውስጥ የሉም። ቤታቸው ግን ከሌላው እኩል ይነዳል፤ «አንተ ከማን ወገን ነህ?» የሚለው ጥያቄም መጀመሪያ የሚመጣው ወደነሱ ነው። ሙለር በመጽሐፍ የጻፈውን እነዚህ ሰዎች በአካል አይተውታል።

ሌላም ነገር አለ። ከርት ዌይላንድ የሚባል ተመራማሪ ሕዝበኝነትን የሥልጣን ስልት ነው ይለዋል፤ መሪው በመካከል ያለውን ድርጅት ሁሉ ዘሎ በቀጥታ ካልተደራጀው ሕዝብ ጋር ይገናኛል። እኛ ጋ በመካከል ያለው ድርጅት ፓርቲ ብቻ አይደለም። እድር ነው፣ የመስጂድ ኮሚቴ ነው፣ ሽማግሌ ነው፣ አበጋር ነው። ደም ሲፈስ ሁለቱን ወገን አስቀምጦ የሚያነጋግረው አበጋር ስም እየጠራ፣ ዘር እየቆጠረ፣ ማን ምን እንዳደረገ አንድ በአንድ እያጣራ ነው የሚሠራው። ቀጥታ ሥርጭት ላይ ያለው ሰው ይህ ሁሉ አያስፈልገውም። እሱ «ሕዝቡ» ብሎ ይጀምራል፤ «ጠላት» ብሎ ይጨርሳል።

ሕዝበኞች ሥልጣን ሲይዙ ዴሞክራሲን የሚጎዱት ብዙ ጊዜ በራሱ በዴሞክራሲ መሣሪያ ነው። ፔሩ ውስጥ አልቤርቶ ፉጂሞሪ እ.ኤ.አ. በሚያዝያ 1992 ምክር ቤቱን ሲበትን ብዙው ሕዝብ ደግፎት ነበር። ሀንጋሪ ውስጥ ቪክቶር ኦርባን እ.ኤ.አ. በ2010 ሁለት ሦስተኛ መቀመጫ አግኝቶ በዓመቱ ሕገ መንግሥቱን በሙሉ ቀየረ። ለኛ ለሙስሊሞች ይበልጥ የሚገባው ደግሞ የስዊዘርላንድ ምሳሌ ነው። እ.ኤ.አ. ኅዳር 29 ቀን 2009 በተደረገ ሕዝበ ውሳኔ 57.5 በመቶ የሚሆነው ድምፅ ሰጪ ሚናራ መሥራት በሕገ መንግሥት እንዲከለከል ወሰነ። በዚያን ጊዜ በአገሪቱ የነበሩት ሚናራዎች አራት ብቻ ነበሩ። ኮሮጆ አልተሰረቀም፤ ድምፅ አልተጭበረበረም። ሕዝቡ ተናገረ፤ ከሕዝቡ ውጭ የተደረጉት ጥቂቶቹ ግን መብታቸውን አጡ። ዴሞክራሲ የብዙኃን ድምፅ ብቻ ቢሆን ኖሮ በዚህ የሚከፋ አይኖርም ነበር።

ታዲያ ብዙ ሰው አደባባይ ከወጣ ሁሉ ሕዝበኝነት ነው ማለት ነው? አይደለም። በ2004 ዓ.ም. ከአወሊያ የተነሣው «ድምፃችን ይሰማ» ለዚህ ጥሩ ማሳያ ነው። ጥያቄዎቹ የተወሰኑ ነበሩ፤ የአሕባሽ አስተምህሮ በግድ አይጫንብን፣ መጅሊሳችንን ራሳችን በመስጂዳችን እንምረጥ፣ አወሊያ ነፃ አስተዳደር ይኑረው። «የኢትዮጵያ ሕዝብ እኛ ነን» አላሉም፤ «ከኛ ሌላ ሙስሊም የለም» አላሉም። የጠየቁት ሕገ መንግሥቱ የሰጠውን የሃይማኖት ነፃነት ነው። በዚያ ክርክር የሕዝበኛውን ቋንቋ የተናገረው መንግሥት ነበር፦ ሰላማዊው ሙስሊም ከኛ ጋር ነው፣ የሚጮኹት ጥቂት አክራሪዎች ናቸው ተባለ። በየጁምዓው መስጂድ የሞላው ሰው በአንድ ዓረፍተ ነገር ከሙስሊምነት ወጣ። በ2007 ዓ.ም. የኮሚቴው አባላትና ሌሎች ተከሳሾች ከ7 እስከ 22 ዓመት እስራት ተፈረደባቸው።

ይህን ስንል ግን ሚዛኑን ለራሳችንም እናንሣ። ሙለር መጽሐፉን ሲጀምር ከጠቀሳቸው መሪዎች አንዱ ብዙዎቻችን የምንወደው ረጀብ ጠይብ ኤርዶጋን ናቸው፤ ለተቺዎቻቸው «ሕዝቡ እኛ ነን፤ እናንተ ማን ናችሁ?» ማለታቸውን አንሥቶ። መሪውን ስለወደድነው ንግግሩ አይለወጥም። ሰይዲና አቡበክር (ረ.ዐ) ኸሊፋ በሆኑ ጊዜ ከናንተ የተሻልኩ አይደለሁም፣ ብሳሳት አቅኑኝ ማለታቸውን በመድረሳ ስንማረው ኖረናል። የዚህ ንግግር ክብደት የሚታየው ከኤርዶጋን ጥያቄ አጠገብ ሲቀመጥ ነው። በመስጂድ ኮሚቴ ምርጫ «ጀማዓው ከኔ ጋር ነው» ብሎ የተሸነፈውን ከሰፍ የሚለይ ሰው ሲነሣም ጉዳዩ ከዚህ የራቀ አይደለም።

በመጪዎቹ ወራት በሸዋሮቢትም ሆነ በከሚሴ አንድ ሰው ተነሥቶ «ሕዝባችን» ሲል ንግግሩን ሳናቋርጥ አንድ ነገር መጠየቅ ይቻላል፦ ይህ ሕዝብ ከሰንበቴ ገበያ ሰዎች መካከል ማንን ማንን ይጨምራል? መልስ ያለው ሰው ስም ይቆጥራል።