ጌጤ ዋሚ፦ ከጫጫ እስከ ኒውዮርክ የዘለቀ የሩጫ ዘመን

ከአዲስ አበባ ተነሥቶ ወደ ደብረ ብርሃን የሚያመራው አውራ ጎዳና ደብረ ብርሃን ከመድረሱ በፊት ጫጫን ያቋርጣል። በሰሜን ሸዋ ደጋ የምትገኘው ይህች አነስተኛ ከተማ በ1974 የተወለደችው የአትሌት ጌጤ ዋሚ የትውልድ ስፍራ ናት። ጌጤ ከ10 ዓመታት በላይ በዘለቀው ዓለም አቀፍ የውድድር ዘመኗ በአገር አቋራጭ፣ በመምና በጎዳና ሩጫ ከዓለም ቀዳሚዎች ተርታ ተሰልፋለች። ይህ ጽሑፍ ያ ዘመን በምን ቅደም ተከተል እንደተገነባና አንድ የሁለተኛነት ውጤት ስለምን ከታላላቅ ድሎቿ መካከል እንደሚቆጠር ያብራራል። በጽሑፉ የሰፈሩት ዘመናት፣ በተለየ ሁኔታ ካልተገለጹ በቀር፣ በአውሮፓውያን አቆጣጠር ናቸው።

የደጋው ምድር

ከጫጫና ከደብረ ብርሃን አንሥቶ በስተሰሜን እስከ መንዝና ግሼ የሚዘልቀው አምባ ገብስ የሚበቅልበት፣ በበጋ ሌሊት ውርጭ የሚወርድበት ብርዳማ አገር ነው። የደብረ ብርሃን አካባቢ ከባሕር ወለል በላይ ከ2,700 ሜትር የሚበልጥ ከፍታ አለው። በእንዲህ ያለ ከፍታ አየሩ ስስ በመሆኑ በእያንዳንዱ ትንፋሽ ወደ ሳንባ የሚገባው ኦክስጅን ያንሳል። ሰውነትም ይህን ለማካካስ ኦክስጅን የሚያጓጉዙትን ቀይ የደም ሕዋሳት ያበዛል፤ ይህም ለረጅም ርቀት ሩጫ ይጠቅማል። ይሁን እንጂ ከፍታ ብቻውን አትሌትን አያፈራም። በዚሁ ደጋ ከሚያድጉ እጅግ በርካታ ልጆች መካከል ጌጤን ለየት ያደረጋት በሦስት የተለያዩ የሩጫ ዓይነቶች ደረጃ በደረጃ መብቃቷ ነው።

በሦስት ሜዳዎች

የመጀመሪያው አገር አቋራጭ ነው። ጌጤ በ1996 በደቡብ አፍሪካዋ ስቴለንቦሽ፣ በ1999 ደግሞ በቤልፋስት በተካሄዱት የዓለም አገር አቋራጭ ሻምፒዮናዎች የረጅሙን ርቀት ውድድር አሸንፋለች። በ2001 በቤልጂየሟ ኦስተንድ በአጭሩ ርቀት ወርቅ፣ በረጅሙ ርቀት ብር አግኝታለች።

ሁለተኛው የመም ውድድር ነው። በ1996 በአትላንታ ኦሊምፒክ በ10,000 ሜትር የነሐስ ሜዳልያ አገኘች። በ1999 በሴቪያ የዓለም ሻምፒዮና ርቀቱን በ30 ደቂቃ ከ24.56 ሰከንድ በመፈጸም፣ እንግሊዛዊቷን ፓውላ ራድክሊፍንና ኬንያዊቷን ቴግላ ሎሩፔን አስከትላ፣ በሻምፒዮናው ክብረ ወሰን ወርቁን ወሰደች። በ2000 በሲድኒ ኦሊምፒክ በስድስት ቀናት ውስጥ ሁለት ሜዳልያዎችን አስመዘገበች፤ በ5,000 ሜትር ነሐስ፣ በ10,000 ሜትር ደግሞ ከደራርቱ ቱሉ ቀጥላ ብር። በ10,000 ሜትሩ ሦስተኛ ከወጣችው ፖርቱጋላዊት ፈርናንዳ ሪቤሮ የለያት ጊዜ ከግማሽ ሰከንድ ያነሰ ነበር። በተከታዩ ዓመት በኤድመንተን የዓለም ሻምፒዮና ደራርቱ ቱሉ፣ ብርሃኔ አደሬና ጌጤ ዋሚ ከአንደኛ እስከ ሦስተኛ ተከታትለው በመግባት የ10,000 ሜትሩን ሜዳልያዎች በሙሉ ለኢትዮጵያ አስገኝተዋል።

ሦስተኛው የጎዳና ሩጫ ነው። ጌጤ በ2002 የመጀመሪያዋን ማራቶን በአምስተርዳም ሮጣ በ2 ሰዓት ከ22 ደቂቃ ከ19 ሰከንድ አሸነፈች። በ2006 በበርሊን ማራቶን ጊዜዋን ወደ 2 ሰዓት ከ21 ደቂቃ ከ34 ሰከንድ በማሻሻል ዳግም ለድል በቃች።

የሠላሳ አምስት ቀናት ውሳኔ

በ2006 ቦስተን፣ ለንደን፣ በርሊን፣ ቺካጎና ኒውዮርክ ማራቶኖቻቸውን በአንድ የነጥብ ውድድር አስተሳሰሩ። አሸናፊ 25፣ ሁለተኛ 15፣ ሦስተኛ 10፣ አራተኛ 5፣ አምስተኛ 1 ነጥብ ያገኙ ነበር፤ በሁለት ዓመት ውስጥ ከፍተኛውን ነጥብ የሰበሰበች ሴት ደግሞ 500,000 የአሜሪካ ዶላር ትሸለም ነበር።

ጌጤ ከ2006ቱ የበርሊን ድል ቀጥላ በሚያዝያ 2007 በለንደን ሁለተኛ ወጣች። መስከረም 19 ቀን 2000 ዓ.ም. በኢትዮጵያ አቆጣጠር፣ አገሪቱ አዲሱን ሚሊኒየም በተቀበለች በ19ኛው ቀን፣ በርሊንን በድጋሚ በማሸነፍ ነጥቧን 65 አደረሰች። ተፎካካሪዋ ላትቪያዊቷ ዬሌና ፕሮኮፕቹካ 55 ነጥብ ነበራት፤ የቀረው ውድድር ደግሞ እርሷ በ2006 ያሸነፈችው የኒውዮርክ ማራቶን ነበር። ፕሮኮፕቹካ በዚያ አንደኛ ወይም ሁለተኛ ብትወጣና ጌጤ ባትሰለፍ ኖሮ፣ የሁለት ዓመቱ ልፋት በሌላ ሰው ስም ይመዘገብ ነበር።

ማራቶን የሮጠ ሰውነት ጡንቻው እስኪያገግም ሳምንታትን ይፈልጋል፤ ስመ ጥር ሯጮችም በአብዛኛው በዓመት ከሁለት ማራቶን አይበልጡም። ጌጤ ግን በ35 ቀናት ልዩነት፣ ጥቅምት 24 ቀን 2000 ዓ.ም. በኒውዮርክ ተሰለፈች፤ ይህም በዓመቱ ሦስተኛ ማራቶኗ ነበር። ከጅምሩ ከፓውላ ራድክሊፍ ጋር ከሌሎቹ ተነጥላ ሮጠች፤ ሁለቱም እናቶች ነበሩ። ወደ ፍጻሜው ሲቃረቡ ጌጤ ልታመልጥ ሞከረች፤ ራድክሊፍ ግን አጸፋውን መልሳ በ23 ሰከንድ ቀደመቻት። ፕሮኮፕቹካ ሦስተኛ ሆነች። በውጤቱም ጌጤ 80፣ ፕሮኮፕቹካ 65 ነጥብ ይዘው ውድድሩ ተጠናቀቀ፤ የመጀመሪያው የታላላቅ ማራቶኖች የሴቶች አሸናፊነትም የጫጫዋ ልጅ ሆነ።

ከዚህ የውድድር ዘመን ምን እንረዳለን?

የአትሌት ታሪክ ዘወትር በወርቅ ሜዳልያ ብዛት ሲለካ ይታያል። የጌጤ ዋሚ የውድድር ዘመን ግን የብርና የነሐስ ውጤቶችም ተደምረው የሚያስገኙትን ፍሬ ያሳያል፤ ለታላቁ ሽልማት ካበቋት አራት ውድድሮች ሁለቱን ያጠናቀቀችው በሁለተኛነት ነው። በመንዝ፣ በግሼ፣ በመርሐቤቴም ሆነ በሌሎች አካባቢዎች ታዳጊ ሴቶችን የሚያሠለጥኑ የስፖርት መምህራን ከዚህ የሚወስዱት ቁም ነገር አለ። ዛሬ በአንድ ርቀት የተቀደመች ተማሪ ነገ በሌላ ርቀት ወይም በሌላ ሜዳ ቀዳሚ ልትሆን ትችላለችና፣ በአንድ ቀን ውጤት ከመመዘን ይልቅ በትዕግሥት ልትታይ ይገባል።