ሳይጠሩት የሚሠራው ማን ነው?

አንባቢ ሆይ! የፕሮግራም አጻጻፍ ለመማር የማይክሮሶፍትን ቪዡዋል ስቱዲዮ በኮምፒዩተርዎ ላይ ጭነው ይሆናል። ሲፕላስፕላስ በተባለው ቋንቋ ጽፈው ሥራዎን ሲጨርሱ በዚያን ሰዓት የሚሠሩትን ፕሮግራሞች ዝርዝር ቢመለከቱ፥ ‹‹ኤምኤስፒዲቢኤስአርቪ›› የሚል፥ እንኳን ትርጉሙ ንባቡም የሚያስቸግር ስም ሊያገኙ ይችላሉ። እርስዎ አልጠሩትም፤ ታዲያ ማን አስገባው? ቫይረስ ነው ብለው ለማጥፋት ይቸኩሉ ይሆናል። እባክዎ ጥቂት ይታገሡ።

ይህ ፕሮግራም የመዝገብ ቤት ሹም ነው ቢባል ስሙ ይስማማዋል። ኮምፓይለሩ እርስዎ የጻፉትን ወደ ኮምፒዩተሩ ቋንቋ በሚመልስበት ጊዜ፥ የትኛው ትእዛዝ ከየትኛው መስመር እንደ መጣ የሚያስረዳ ‹‹ፒዲቢ›› የተባለ መዝገብ ይዘጋጃል፤ ስሕተት ሲፈለግ የሚገለጠው ይኸው መዝገብ ነው። ሥራው እንዲፋጠን ሲባል ግን ብዙ ኮምፓይለሮች ባንድ ጊዜ ይሰማራሉ። አራት ጸሐፊዎች ባንድ መዝገብ ላይ እየተሻሙ ቢጽፉ ምን እንደሚሆን በመሥሪያ ቤት የዋለ ሰው ያውቀዋል። ሹሙ ከሁሉም እየተቀበለ በተራ ያስገባል፤ ሥራው ካለቀ በኋላም ጥቂት መቆየት ልማዱ ነው። በሥራ መካከል ቢያባርሩት ግን የጀመሩት ሁሉ በስሕተት መልእክት ሊቋረጥ ይችላል።

በዚያው ሥፍራ ‹‹ዳምፕቢን››፥ ‹‹ኤዲትቢን›› እና ‹‹ሊብ›› የተባሉ ትንንሽ ፋይሎች አሉ። የሚያስገርመው፥ ሦስቱም ሥራቸውን የሚያሠሩት ‹‹ሊንክ›› በተባለው በአንዱ ፕሮግራም ነው። እርሱን የሰረዘ ሦስቱንም አብሮ ሰረዘ።

‹‹ቪሲቲፕ›› ግን ጠባዩ ሌላ ነው። ስለ ኮምፓይለሩ አጠቃቀም የተሰበሰበ መረጃ ለማይክሮሶፍት ይልካል። ሌባ አይደለም፤ ቢሆንም የቤቱን ወሬ ይዞ የሚወጣውን ሎሌ ማወቅ፥ እንደ እኔ አሳብ፥ የባለቤቱ መብት ነው።

ስም ብቻውን ግን ማስረጃ አይሆንም፤ ክፉ ፕሮግራም የደኅናውን ስም መዋስ ያውቃልና። ስለዚህ በዝርዝሩ ላይ ስሙን በቀኝ የማውዝ ቁልፍ ይጫኑና ፋይሉ የሚገኝበትን ሥፍራ ይክፈቱ፤ የቪዡዋል ስቱዲዮ ፎልደር መሆን አለበት። ከዚያም በፋይሉ ጠባይ መግለጫ ውስጥ ዲጂታል ፊርማውን ይመልከቱ። ማኅተም የሌለውን ደብዳቤ እንደማይቀበሉ ሁሉ፥ የማይክሮሶፍት ፊርማ ከሌለበት፥ ወይም ፋይሉ ከኢንተርኔት የወረዱ ነገሮች በሚጠራቀሙበት ሥፍራ ከተገኘ፥ ያን ጊዜ ኮምፒዩተሩን ከኢንተርኔት ለይተው ባለሙያ ይጥሩ።